ዕድሜ የሚደምረው ክታብ

ቁጥር ቀምራ በብራና ላይ ስትጽፍ የጻፈችው የሚሆንላት አንዲት ክታብ ቀማሪ ነበረች። የአንዱ ገበሬ በሬ ሲደክም ከጎረቤቱ በሬ ጉልበት ቀንሳ ትደምርለታለች። የጎረቤቱ በሬ የሚዋጋ ከሆነ ግን ዓመሉም አብሮ ይመጣል።

ይህን የሰሙት የአገሩ ገዢ ፊታውራሪ ጓንጉል አስጠሯትና፣ «ከራስሽ ዕድሜ አርባ ዓመት ቀንሰሽ ለእኔ ደምሪልኝ። እምቢ ካልሽ አንገትሽን አስቆርጣለሁ» አሏት።

ቀማሪዋም ብራናዋን ዘርግታ ብዕሯን ቀለም ውስጥ ነከረችና ቀና አለች።

«እሺ ጌታዬ። ዕድሜዬ ግን እንደ በሬው ጉልበት ከነዓመሉ ነው የሚመጣው። እኔ የቀረኝን አርባ ዓመት የምኖረው ለእርስዎ ሳጎነብስ ነው። እርስዎ ደግሞ የሚያጎነብሱት ለማን ይሁን? ስሙን ይንገሩኝና ልጻፈው።»

ፊታውራሪ ብራናውን በገዛ እጃቸው ጠቅልለው መለሱላት።