ሁለተኛ አይለምደኝም

አንዲት እናት ቀኑን ሙሉ የሰው ልብስ ስታጥብ ውላ፣ ወገቧን ይዛ ወደ ቤቷ ገባች። ገና ከበሩ ስትደርስ የከሰል ሽታ ተቀበላት። አሮጊት እናቷ ከሰሉን አቀጣጥለው፣ ዛላ በርበሬና ወፍራም ጋቢ አዘጋጅተው ይጠብቋታል። ትንሿ ልጇ ትርሲት ጥጓን ይዛ ቆማለች።

«ልጅሽ ትምህርት ቤት ሄድኩ ብላ ስትጫወት ውላለች» አሉ አሮጊቷ። «በይ እጠኛት! ካልተቀጣች ሰው አትሆንም።»

እናትየዋ ይህን ቅጣት ታውቀዋለች። በልጅነቷ ጋቢ ተከናንባ፣ የበርበሬው ጢስ ጉሮሮዋን ሲይዛት «ሁለተኛ አይለምደኝም!» እያለች ጮኻለች። ትርሲትን የወለደች ዕለትም «ልጄን መቼም አላጥንም» ብላ ለራሷ ቃል ገብታ ነበር። ግን ያን ዕለት ደክሟት ነበር። የምትለፋላት ልጅ ስለዋሸቻት ደግሞ አንጀቷ አረረ። እጇ ሳታዝዘው ዛላውን አነሳ።

ትርሲት ገና ጢሱ ሳይነሳ ጮኸች። «እማዬ፣ ሁለተኛ አይለምደኝም!»

እናትየዋ ደነገጠች። የሰማችው የራሷን የልጅነት ድምፅ ነው። ዛላውን ጥላ አንድ ጣሳ ውሃ ከሰሉ ላይ ደፋችበት።

«እኔንም አይለምደኝም» አለች።

አሮጊቷ ተቆጡ። «እኔ አንቺን ያጠንኩሽ ጠልቼሽ ነው?»

«አይደለም እማዬ። አንቺንም ስላጠኑሽ ነው።»

አሮጊቷ ጋቢውን አንስተው ጫፉን ዳሰሱ። «እናቴ እንዳልወጣ የጋቢውን ጫፍ በእግሯ ትረግጠው ነበር» አሉና ዓይናቸውን በነጠላቸው ጠረጉ። ቤቱ ውስጥ ግን የበርበሬ ጢስ አልነበረም።

ልጅቷ በዚህ ጨዋ ሆና ቀረች ብዬ አልዋሻችሁም። በሳምንቱ ሌላ ውሸት ይዛ መጣች። እናትየዋ ተናደደች፣ ተቆጣች፣ ያመለጣትን ትምህርት አጠገቧ ቁጭ አድርጋ እያዛጋች አስጠናቻት። ያን ቀን ግን ከሰል ያቀጣጠለ ሰው አልነበረም።

ወዳጆቼ፣ ክፉ ልማድ ከአያት ወደ ልጅ ልጅ የሚሻገረው ብዙ ጊዜ በደከመን ቀን ነው። የሚቆመውም እንደዚሁ ደክሞት እያለ እጁን የሚሰበስብ ሰው ሲገኝ ነው። ልጆቻችንን «ሁለተኛ አይለምደኝም» በሉ እያልን አሳድገናል። እኛስ ይህን ቃል ለልጆቻችን የምንላቸው መቼ ነው?