የበግ ሂሳብ

አንድ ቀን፣ ለፋሲካ ሁለት ሳምንት ሲቀረው፣ የደብረ ብርሃኑ በግ ነጋዴ ውብሸት ጫማውን አስጠርጎ ወደ ባንክ ሄደ። ሲሄድ ይህ ሦስተኛው ነው። የሚሄደው አንዲት ጥያቄ ይዞ ነበር። ሁለት ጊዜ ጠይቋት ሁለት ጊዜም መልስ ሳያገኝ ተመልሷል።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሚስቱ ምንታምር ከሞተች ስምንት ወር ሆኗታል። ውብሸት ከስድስት ዓመት ልጁ ከማራኪ ጋር በኪራይ ቤት ይኖራል። አከራይዋ ደግሞ «ከዳግማይ ትንሣኤ በኋላ ክፍሉን እፈልገዋለሁ፤ ልጄን ልድርበት ነው» ብላዋለች። ክፉ ሴት አይደለችም፤ ልጇም ማግባቱ አይቀርም። ውብሸት ፈልጎ ፈልጎ አንዲት ባለ አንድ መኝታ ኮንዶሚኒየም አገኘ። ለማራኪ ሲነግራት «ይቺንስ ቤት መልሱ አይሉንም?» አለችው። «አይሉንም» አላት። ይህን ካለ በኋላ ነው በደንብ መጠየቅ እንዳለበት ያወቀው።

እሱና ምንታምር ያጠራቀሙት ለቤቱ አልበቃም፤ አንድ ሚሊዮን ተኩል ብር ጎደለ። የጎደለውን ባንኩ ቤቱን በራሱ ሰው አስገምቶ፣ ኢንሹራንስ አስገብቶ፣ ካርታውንም ይዞ ያበድራል። የቤቱ ሻጭ ከፋሲካ በኋላ እስካለው ማክሰኞ እንደሚጠብቀው፣ ከዚያ ካለፈ ግን ለሌላ ሰው እንደሚሸጥ ቁርጡን ነግሮታል።

የባንኩ የብድር ኃላፊ አቶ ግዛቸው ይባላሉ። አቶ ግዛቸው የማያውቁት ነገር የለም። ስለ ዝናብ ያውቃሉ፣ ስለ ጨጓራ ያውቃሉ፤ በግ ሲያስነጥስ ምን ሆኖ እንደሆነ እንኳ ዕድሜውን በግ ሲነግድ ለኖረው ለውብሸት አስረድተውታል። ሲጠየቁ የማይናገሩት አንድ ነገር ብቻ ነው።

«ጠቅላላው ስንት ነው?» አለ ውብሸት።

«በወር ሃያ ሁለት ሺህ ብር ብቻ» አሉ አቶ ግዛቸው።

«የወሩን ባለፈው ነግረውኛል። እስክጨርስ ማለቴ ነው።»

«ሃያ ዓመት ነዋ!»

«ዓመቱንም ነግረውኛል። ብሩን ነው የምጠይቅዎት። ተደምሮ ስንት ብር ከኪሴ ይወጣል?»

አቶ ግዛቸው ወንበራቸውን ወደ ኋላ ገፋ አደረጉ።

«ስማኝ ወንድሜ፤ ጠቅላላውን ምን ያደርግልሃል? ሰው የሚከፍለው በየወሩ ነው። ጠቅላላውን አስቦ የሚኖር ሰው አያገባም፣ አይወልድም። አንተ ኪስህን ጠይቅ። ኪስህ በወር ሃያ ሁለት ሺህ ይችላል?»

«ይችላል።»

«አለቀ!»

«በግ ሊገዛኝ የሚመጣ ሰው ግን ገና ወገቡን ሳይዳብስ ‹መጨረሻው ስንት ነው› ይለኛል።»

አቶ ግዛቸው ሳቁ። በሚቀጥለው ጠረጴዛ ያሉት ሠራተኞችም እንዲሰሙ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው፣ «ይሄ እኮ የበግ ሂሳብ አይደለም! የቤት ሂሳብ ነው። በግ ዛሬ ተገዝቶ ነገ ይበላል። ቤት ረጅም ነገር ነው። ሃያ ዓመት ደግሞ ሳታውቀው ያልፋል» አሉ።

ሠራተኞቹም ሳቁ።

ውብሸት ከምንታምር ጋር የኖረው ሰባት ዓመት ነው። ሃያ ዓመት ምን ያህል እንደሚረዝም የሚለካበት ሌላ መለኪያ አልነበረውም። «እግዚአብሔር ይስጥልኝ» ብሎ ወጣ።

ማባዛት ጠፍቶት አይደለም። እቤቱ ቁጭ ብሎ በስልኩ አባዝቶት ነበር። የወጣውን ቁጥር ሲያይ ስልኩ የተበላሸ መሰለው። አጥፍቶ አብርቶ ደገመው፤ ያው ነው። እንግዲህ ባንክን የሚያህል ነገር እንዲህ ሊያደርግ አይችልም፣ አንድ ያልገባኝ ነገር አለ ብሎ ነው ሦስት ጊዜ የተመላለሰው። ቁጥሩን ከባንኩ አፍ መስማት ፈልጎ ነበር።

የፋሲካ ዋዜማ ቅዳሜ ደረሰ። በግ ተራው ከማለዳ ጀምሮ ሰው በሰው ሆኖ ዋለ። አቶ ግዛቸው ግን እስከ ዘጠኝ ሰዓት አልመጡም። የበግ ዋጋ ከሰዓት በኋላ እንደሚወርድ ያውቃሉ። ለሚስታቸውም «ሞኝ ነው በጠዋት የሚገዛ» ብለው ነበር። ዋጋው አልወረደም። የወረደው የበጉ ቁጥር ነው። ሲደርሱ በተራው የቀረው ሁለት የከሱ ጠቦትና አንድ ቡላ ሙክት ነበር። ሙክቱ የውብሸት ነው። የአቶ ግዛቸው አማት ደግሞ ከአንኮበር መጥተው እቤት ተቀምጠዋል፤ የከሳ በግ አይተው ዝም የሚሉ ሰው አይደሉም።

አቶ ግዛቸው ክራቫታቸውን ወደ ትከሻቸው ወርውረው የሙክቱን ወገብ ዳበሱ። ላቱን በእጃቸው መዘኑ። ደስ አላቸው፤ ደስታቸው እንዳይታወቅ ፊታቸውን ቋጠሩ።

«ስንት ነው ይሄ?»

«በወር ሰባት መቶ ብር ብቻ» አለ ውብሸት።

«ምን አልክ?»

«በወር ሰባት መቶ። ኪስዎ ይችላል?»

«መቻሉንስ ይችላል… ስንት ወር?»

«አምስት ዓመት ነው። ሳያውቁት ያልፋል።»

ሽማግሌው ደላላ ጋሽ ደግፌ በትራቸውን ተደግፈው ከጎኑ ቆመው ነበር። ፊታቸውን አዙረው ሳል ሳል አላቸው።

«ትቀልዳለህ እንዴ?» አሉ አቶ ግዛቸው።

«በዓመት በዓል ሥራ ላይ ማን ይቀልዳል? መጀመሪያ ጋሽ ደግፌ ወገቡን ዳብሰው ይገምቱታል። የዳበሱበትን እርስዎ ይከፍላሉ።»

«አሁን ራሴ ዳበስኩት እኮ!»

«አይቻለሁ። የእርስዎ እጅ ግን ተቀባይነት የለውም።»

«እሺ፣ ከዚያስ?»

«ከዚያ በጉን ይወስዳሉ። ገመዱ ግን እኔ ዘንድ ይቆያል። ከፍለው ሲጨርሱ መጥተው ይረከባሉ።»

«በጉን ያለ ገመድ ምን አድርጌ ልውሰደው?»

«ይቀፉት። በጉ የእርስዎ ነው፤ ማንም አይነካብዎትም። ገመዱ ብቻ ነው የእኔ። ደግሞ ሦስት ወር ሳይከፍሉ ከቀሩ መጥቼ በጉን እወስዳለሁ።»

«ነገ የሚታረደውን?»

«ያን ጊዜ እንነጋገራለን። ኢንሹራንስም ይገቡለታል፤ ድንገት ቢሞት።»

«ነገ ላርደው ነው እያልኩህ!»

«ገብቶኛል። ኢንሹራንሱ ግን አምስት ዓመት ሙሉ ነው።»

ሰው መሰብሰብ ጀመረ። አንዱ ዶሮ እንደታቀፈ፣ ሌላው ሽንኩርት እንደተሸከመ ቆመ። አቶ ግዛቸው ሰው ሲከባቸው ማስረዳት የለመዱ ናቸው። አሁን ግን የሚያስረዳው ሌላ ነበር።

«አንድ ነገር ደግሞ አስቀድሜ ልንገርዎት» አለ ውብሸት፣ ድምፁን ሳይለውጥ። «የመጀመሪያው ዓመት ክፍያ አብዛኛው ወለድ ነው። ዓመቱ ሲሞላ የእርስዎ የሚሆነው ቀንዱና ጆሮው ነው።»

«ሌላው የማን ነው ታዲያ?»

«የእኔ።»

«በልቼዋለሁ እኮ!»

«መብላቱንስ በልተዋል። አልገዙትም እንጂ።»

አቶ ግዛቸው ከዚህ በላይ አልቻሉም። ስልካቸውን ከኪሳቸው መዥርጠው አወጡ።

«ቆይ፣ ቆይ! ሰባት መቶ ሲባዛ በስልሳ ወር… አርባ ሁለት ሺህ! እጅ በእጅ ቢከፈል ስንት ነው በጉ?»

«አሥራ ሁለት ሺህ።»

«ሦስት በግ ተኩል!» ብለው ጮኹ። «ሦስት በግ ተኩል ከፍዬ አንድ በግ ልወስድ? ኧረ በሕግ አምላክ! ይሄ ዘረፋ እኮ ነው!»

በግ ተራው በሙሉ ዞሮ ተመለከተ።

ውብሸት ባርኔጣውን አወለቀ።

«እግዚአብሔር ይስጥልኝ አቶ ግዛቸው። ቢሮዎ ሦስት ጊዜ የተመላለስኩት ይህችን ለመስማት ነበር። የበጉን ጠቅላላ በአንድ ትንፋሽ አወጡት፤ እስቲ ስልኩን ሳያስገቡ የቤቴንም በበግ ያስሉልኝ።»

አቶ ግዛቸው ዙሪያቸውን ቃኙ። ዶሮ የታቀፈው ሰውዬ የትም የሚሄድ አይመስልም። ሁለቱን የከሱ ጠቦቶች ተመለከቱ። አማታቸው ትዝ አሏቸው። ከዚያ ጎንበስ ብለው ስልካቸውን ነካኩ።

«አምስት ሚሊዮን ሁለት መቶ ሰማንያ ሺህ ነው» አሉ ቀስ ብለው።

«አልሰማንም!» አሉ ጋሽ ደግፌ።

«አምስት ሚሊዮን ሁለት መቶ ሰማንያ ሺህ!»

«በበግስ?» አለ ውብሸት።

«አራት መቶ አርባ በግ።»

«ከእናንተ የምወስደውስ?»

«አንድ ሚሊዮን ተኩል ማለት… መቶ ሃያ አምስት በግ።»

መቶ ሃያ አምስት በግ ወስዶ አራት መቶ አርባ በግ መመለስ። ውብሸት ራሱን ነቀነቀ። ስልኩ አልተበላሸም ነበር።

«በስምንት ዓመት ብጨርስስ?»

«በወር ወደ ሃያ ስምንት ሺህ ሰባት መቶ ይደርስብሃል። ይከብድሃል ብዬ ነው ያላነሳሁልህ።»

«ጠቅላላው?»

አቶ ግዛቸው በዚህች ቃል አልተከራከሩም። እንደገና ነካኩ፤ ነካክተውም «ሁለት መቶ ሠላሳ በግ ይሆናል» አሉ። ብር መጥራት ረስተዋል።

ውብሸት ትንሽ አሰበ። የሚያስበው ጮክ ብሎ ነበር። «እንግዲህ በወር ግማሽ በግና አንድ ትንሽ ላት ብጨምር፣ ሁለት መቶ አሥር በግ በረቴ ውስጥ ይቀራል።»

«ይቀራል» አሉ አቶ ግዛቸው።

«ሁለት መቶ አሥር በግ!» አሉ ጋሽ ደግፌ። «ከዚህ ተነሥቶ ጠባሴ ድረስ መንገድ ይዘጋል እኮ!»

«እኔም እንዲህ አስልቼው አላውቅም» አሉ አቶ ግዛቸው። ዕድሜያቸውን ሙሉ ‹አላውቅም› ሲሉ የተሰሙት ያን ቀን ብቻ ነው ይባላል።

በጉን እጅ በእጅ በአሥራ ሁለት ሺህ ገዙ። አምስት መቶ ብር ሊያስቀንሱ አፋቸውን ከፍተው፣ የተሰበሰበውን ሰው አይተው መልሰው ዘጉት። ውብሸት ብሩን ቆጥሮ ገመዱን በእጃቸው አኖረላቸው።

«ገመዱንስ አስቀራለሁ አላልክም?»

«ከፍለው ጨረሱ እኮ» አለ ውብሸት። «በሉ እንኳን አደረስዎ።»

ማክሰኞ ጠዋት ውብሸት ባንክ ተገኘ። ውሉ የስምንት ዓመት ነበር። ገጹን ሁሉ አንድ በአንድ አነበበ፤ ያልገባውን ጠየቀ፤ አቶ ግዛቸውም መለሱ። ሲጨርስ «ከፊተኛው ገጽ ላይ ጠቅላላውን ይጻፉልኝ» አለ። አቶ ግዛቸው ብዕራቸውን አንሥተው በሰፊው ጻፉት። በብር ነው የጻፉት።

ውብሸት ፈረመ። አቶ ግዛቸው ማኅተሙን መቱ። ከዚያ ከበግ ተራው ወዲህ ትንሽ አፍረውት ስለነበር አንድ ደግ ነገር ሊናገሩት ፈለጉ።

«አይዞህ» አሉት። «ስምንት ዓመት ሳታውቀው ያልፋል።»

ስምንት ዓመት ሲሞላ ማራኪ አሥራ አራት ዓመቷ ይሆናል። ውብሸት የብዕሩን ክዳን ገጥሞ መለሰላቸው።

«የለም አቶ ግዛቸው» አለ። «ይሄኛውስ እያወቅሁት ነው የሚያልፈው።»