ከርከሮ ቦጋለና በደጁ የተተከለችው ሐረግ

ተረት ላምጣ?

አምጣ በሉኝ እንጂ! ምን አፋችሁን ይዛችሁ ታዩኛላችሁ?

ከየት ላምጣ? ከዱር። ማንን ላምጣ? ከርከሮን። እሺ፣ እናንተ ጆሮ ካላችሁ እኔ አፍ አለኝ።

ድሮ ድሮ፣ አውሬ እንደ ሰው ሲያወራ፣ ዕቃውና ሐረጉም ሲመልስለት፣ ቦጋለ የሚባል አንድ ከርከሮ ነበር። ቦጋለ ጉልበተኛ ነው። ጥርሱ ወደ ላይ ተቆልምሟል፣ ሲሮጥ ጭራው ቀጥ ብሎ ይቆማል፣ አፈር ውስጥ የተቀበረ ጣፋጭ ሥር ከሩቅ ይሸተዋል። የጎደለው አንድ ነገር ብቻ ነው። ቤት የለውም።

ከርከሮ ደግሞ፣ እወቁልኝ፣ ሥር ለመማስ እንጂ ቤት ለመቆፈር አልተፈጠረም። ቤት የሚቆፍረው አዋልዲጌሳ ነው፤ ያ ጆሮው የአህያ፣ አፍንጫው የአሳማ፣ ቀን ተኝቶ ማታ ማታ መሬት ሲቦረቡር የሚያድረው ፍጥረት። ቆፍሮ ይሸጣል፤ ሸጦ ሌላ ይቆፍራል።

የቦጋለ ሚስት ስንዱ እርጉዝ ናት። ክረምት ደርሷል። በዚያ ላይ ነብር ሠፈሩን ለምዶታል።

«አንተ፣» አለችው አንድ ቀን፣ «እስከ መቼ ነው ከቁጥቋጦ ቁጥቋጦ የምንዞረው? ልጆቼን ነብር አፍ ላይ ልውለድ?»

«ቆይ እንጂ ስንዱዬ፣ እያሰብኩበት ነው።»

«አሳቢ! አንተ ስታስብ እኔ ጎኔ ረጠበ።»

ቦጋለ ይህን ሰምቶ መቀመጥ አልቻለም። ሄደና አዋልዲጌሳን አገኘው። አዋልዲጌሳ አዲስ የቆፈረውን ጉድጓድ አሳየው። አፉ ወደ ፀሐይ መውጫ የዞረ፣ ውስጡ ሰፊ፣ ጎርፍ የማይደፍረው። የቦጋለ ልብ እዚያው ቀለጠ።

«ስንት ነው?» አለ።

«ይህንኑ ጉድጓድ እስከ አፉ በሥር ሞልተህ ስጠኝና ውሰደው።»

«በአንዴ?»

«ታዲያ በስንቴ? በዱቤ አልሸጥም ወንድሜ። ሆዴ ዱቤ አያውቅም።»

የቦጋለ ጭራ ዝቅ አለ። አዋልዲጌሳ አዘነለት።

«ጋሽ ጉሬዛ ዘንድ ሂድ፣» አለው። «እሱ ለእኔ ይከፍልልሃል፤ አንተ ቀስ ብለህ ለእሱ ትመልሳለህ። ስንቱ እንደዚያ ነው ቤት የገባው!»

ጋሽ ጉሬዛ ጥቁር ገላው ላይ ነጭ ካባ የደረበ፣ ድምፁ የለሰለሰ ሽማግሌ ነው። ከዛፉ አይወርድም። ከመሬት ስለማይደርስም የመሬት ውስጥ ሥር ሲወድ ለጉድ ነው። የዛፉ ሆድ ሌሎች ባመጡለት ሥር ጢም ብሏል።

«ና ልጄ፣ ምን ቸገረህ?» አለ ከላይ ሆኖ።

ቦጋለ አንገቱን ሰቅሎ ሁሉን ነገረው።

«ይኼማ ቀላል ነው። ለአዋልዲጌሳ እኔ እከፍላለሁ፤ አንተ ዛሬውኑ ትገባለህ። ደጅህ ላይ አንዲት ሐረግ እተክላለሁ። ሐረጓ ዕዳህ ናት። አዲስ ጨረቃ በወጣች ቁጥር ሥር ታመጣለህ፤ እሷ በልታ በተረፈው ልክ ታጥራለች። ያለቀች ቀን ቤቱ ያንተ ነው። የጉድጓዱን አፍ የዘጋች ቀን ግን…» ጋሽ ጉሬዛ በትህትና ሳል አለ፣ «ቤቱ የኔ ነው።»

ከዚያ ሦስት ዕቃ ከቅርንጫፉ አወረደ። አንዱ ትልቅ እንቅብ፣ አንዱ ቁና፣ አንዱ ክዳን ያላት ትንሽ ሙዳይ።

«በየትኛው እየሰፈርክ እንደምታመጣ ምረጥ።»

እንቅቡ ቀደመና፣ «እኔን ከመረጥክ ወገብህ ይጎብጣል፤ ግን ቶሎ እንለያያለን» አለ።

ቁናው፣ «እኔን ከመረጥክ ያልብሃል፤ ትንሽ እንቆያለን» አለ።

ሙዳይዋ ክዳኗን ገለጥ አድርጋ፣ «እኔን ከመረጥክ ክብደቴም አይሰማህ። ብቻ አብረን እናረጃለን» አለችና ሳቀች።

ቦጋለ ሙዳይዋን አነሳት። ቀለለችው። ወዲያ አላት፣ ወዲህ አላት፤ እንደ ላባ ናት። እሷን እያገላበጠ ሳለ «በልታ በተረፈው ልክ» የምትለው ቃል በአንዱ ጆሮው ገብታ በሌላው ወጣች።

የቦጋለ ስህተት ደግሞ ከየት እንደመጣ ልንገራችሁ። በሠፈሩ እቁብ አለ። ዳኛዋ እትዬ ጃርት ናት። አውሬው ሁሉ በየሳምንቱ ሥር ይጥላል፤ ዕጣ የወጣለት ጠቅልሎ ይወስዳል። መጀመሪያ የወሰደም መጨረሻ የወሰደም የሚጥለው ያው ነው። ቦጋለ ከእቁብ ሌላ አያውቅም።

«ይኼማ እቁብ ነው!» አለ በልቡ። «የመጀመሪያው ዕጣ ወጣልኝ ማለት ነው። ቤቱን ቀድሜ ወሰድኩ፤ በሙዳይ በሙዳይ እመልሳለሁ። ሲደመር መቼስ ያው ነው!»

ከርከሮ ቤቱ ሲገባ በጀርባው ነው። ፊቱን ወደ ውጭ አድርጎ ቂጡን ያስቀድማል፤ ጠላት ቢመጣ በጥርሱ ሊቀበል። ቦጋለ ወደ ዕዳውም እንዲሁ በጀርባው ገባ። ጥልቀቱን ሳያይ።

ስንዱ በአዲሱ ቤት ወለደች። ዝናቡ ውጭ ቀረ። ነብሩ መጥቶ ደጁን አሸተተና ተሳድቦ ሄደ። ቦጋለ ደስ አለው፤ ጨረቃ በወጣች ቁጥር ሙዳይዋን ይዞ ሽር ይላል። ሰጥቶ ሲመለስ ሐረጓን ያያታል። ያቺው ናት።

«ገና ነው፣» ይላል።

ክረምት አልፎ ክረምት መጣ። ሐረጓ ያቺው ናት። ሌላ ክረምት መጣ። አጠር ያለች መሰለው፤ ዞሮ ሲያያት ያቺው ናት። ዓይኑን አሸ። ጭንቅላቱን ከግንድ ጋር አጋጨ። ምንም አልገባውም።

አዋልዲጌሳ ዘንድ ሄደ።

«ወንድሜ፣ እስካሁን ለጋሽ ጉሬዛ የወሰድኩለት ሙዳይ ሁሉ ቢጠራቀም ያንን ጉድጓድ አይሞላም?»

«ኧረ ሞልቶ ሊፈስ ምን ቀረው!» አለ አዋልዲጌሳ እያዛጋ።

«ታዲያ ለምን አላለቀም?»

«እኔን ትጠይቀኛለህ? እኔ የራሴን በልቼ እጄን ታጥቤያለሁ።»

ቦጋለ የባሰ ግራ ገባው። እቁብ ዳኛዋ ዘንድ ሄደ።

«እትዬ ጃርት፣ በእቁብ የጣልነው የት ይሄዳል?»

«ዕጣ ለወጣለት ነዋ!»

«እኔም እጥላለሁ፤ ግን የት እንደሚገባ አላውቅም።»

«ባለፈው ጨረቃ ማን ወሰደው?»

«ጋሽ ጉሬዛ።»

«ከዚያ በፊትስ?»

«ጋሽ ጉሬዛ።»

«ለሚመጣውስ?»

«ጋሽ… ጉሬዛ።»

እትዬ ጃርት እሾኋን አርገፍገፍ አደረገች። «ልጄ፣ እኔ በዳኝነት አርጅቻለሁ። አንድ ፍጥረት ብቻ ዕጣ የሚወጣለት እቁብ ግን አይቼ አላውቅም። ይኼ ሌላ ነገር ነው።»

«ምን ነገር?»

«እሱን እኔም አላውቅ።»

ቦጋለ እንደመጣ ተመለሰ። ጭራሽ ያን ዓመት ድርቅ ገባ። መሬቱ እንደ ድንጋይ ጠጠረ፣ ጥርሱ ተሸራረፈ፣ ሙዳይዋም ግማሽ ሆና ሄደች። በግማሽ ሙዳይ ግማሽ ትቆረጥ ይሆናል ያላት ሐረግ አልተቆረጠችም። አደገች! ጉድጓዱ አፍ ላይ ተጋደመች። ግልገሎቹ በሆዳቸው እየተሳቡ መግባት ጀመሩ። አንድ ጠዋት ስንዱ ልትወጣ ስትል አንገቷ ተያዘ።

«ቦጋለ!» ጮኸች። «ይቺ ነገር እኮ ልትዘጋን ነው! ልጆቼን ይዤ ወደ ነብሩ ልመለስልህ?»

ቦጋለ ሮጦ መጣ። ጥርሱን ሐረጓ ላይ ሰካ፤ ሊበጥሳት።

«አትችልም፣» አለች ሐረጓ። ድምፅዋ ቀጭን ነው፣ ክፋት የለበትም። «በጥርስ አልበጠስም። ጠይቀኝ እንጂ። ስንት ክረምት በጀርባህ እያሻሸኸኝ ስታልፍ አንድ ቀን እንኳ ዞረህ አላየኸኝም።»

ቦጋለ ደነገጠ። ዞረና ፊት ለፊት ቆመ።

«ለምንድን ነው የማታጥሪው?»

«ስለምበላ። ጋሽ ጉሬዛ ሲተክለኝ ነግሮህ ነበር። ሙዳይህ ስትመጣ መጀመሪያ እኔ እበላለሁ። ተርፎ ከእኔ ላይ የሚቆርጠው ያቺ ከሙዳይዋ ታች የምትቀረው ፍርፋሪ ናት።»

«የምትበይው ምን ያህል ነው?»

«በርዝመቴ ልክ። ስረዝም ብዙ እበላለሁ፤ ሳጥር ትንሽ። ሙዳይዋ ሆዴን ልክ ልኩን ነው የምትሞላው። ድርቁ ሲመጣ ሆዴም አልሞላ፤ ያልበላሁት ዕዳህ ላይ ተደምሮ ቅርንጫፍ ሆኖ ወጣ።»

ቦጋለ ቁጭ አለ። እንደገና ተነሳ። እንደገና ቁጭ አለ።

«ቆይ… ስለዚህ እኔ እስካሁን ቤት ሳይሆን አንቺን ነው ስቀልብ የኖርኩት?»

«ቤቱንም ገዝተሃል እኮ። እስካሁን ከመግቢያው አንዷን ድንጋይ ብቻ።»

ቦጋለ ሊስቅም ሊያለቅስም ፈለገ። «ከሙዳይዋ ሌላ ጨምሬ ባመጣስ? በልተሽ ከጠገብሽ በኋላ?»

ሐረጓ ቅጠሏ ተንቀጠቀጠ። «እሱማ… ከጠገብኩ በኋላ የመጣ ሁሉ የሚሄደው ወደ ሥጋዬ ነው። ያሳጥረኛል። ባጠርኩ ቁጥር ደግሞ የምበላው ይቀንሳል። ይኼን ግን እኔ አልነገርኩህም።»

ቦጋለ ወደ ዛፉ ገሰገሰ።

«ጋሽ ጉሬዛ! እንደዚህ መሆኑን ለምን አልነገሩኝም?»

«ምኑን ልጄ?»

«መብላቷን!»

«ነግሬህ ነበር። ሙዳይዋን ስታገላብጥ ነበር።»

«ጨምሮ ማምጣት እንደሚቻልስ?»

«አልጠየቅከኝማ።»

«እሺ፣ አንድ ነገር ይንገሩኝ። እርስዎ የሸጡልኝ ቤት አይደለም እንዴ?»

ጋሽ ጉሬዛ ካባውን ሰበሰበ። «ቤት የሸጠልህ አዋልዲጌሳ ነው። እኔ የሸጥኩልህ ጊዜ ነው። ያንን ዕለት ገብተህ እንድታድር ጊዜ ፈለግህ፤ ሸጥኩልህ። ብዙ ጊዜ ፈለግህ፤ ብዙ ሸጥኩልህ። ዋጋውን ግን ሳትጠይቅ ወሰድክ።»

ቦጋለ ቤቱ ገብቶ ለስንዱ ነገራት። አልገባትም። ደግሞ ነገራት። አሁንም አልገባትም፤ ለነገሩ እሱም ሲናገር እየጠፋበት ነበር። በመጨረሻ፣ «ባጭሩ ቆፍሪ» አላት።

ቆፈሩ። ዝናቡ ተመለሰ፣ መሬቱ ላላ። ያደጉት ግልገሎች ቆፈሩ። ጨረቃ ስትወጣ ቦጋለ ሙዳይዋን ይሰጣል፤ ሐረጓ ትበላለች። ከዚያ ከኋላው ልጆቹ እንቅብ ሙሉ ይዘው ይመጣሉ። ሐረጓ አንድ ክንድ ታጥራለች። በሚቀጥለው ጨረቃ ትንሽ ትበላለች፣ ብዙ ታጥራለች። በሚቀጥለው ደግሞ ከዚያም ትንሽ።

ጋሽ ጉሬዛ ከላይኛው ቅርንጫፍ ወደ ታችኛው ወረደ። እንዲህ ዝቅ ብሎ ታይቶ አያውቅም።

«ልጄ ቦጋለ፣ ምን አስቸኮለህ? በሙዳይዋ ቀስ እያልክ ብትሄድ ምናለ? ልጆቹንስ ለምን ታደክማቸዋለህ?»

«ሲሳሱልኝ ገና ዛሬ አየሁ፣» አለ ቦጋለ፣ እንቅቡን እያራገፈ።

አንድ ጠዋት ሐረጓ ደርቃ ወደቀች። ግልገሎቹ ጨፈሩ፣ ስንዱ እልል አለች። ቦጋለ ግን ደጁ ላይ ተቀመጠ። ጥርሱ አልቋል። ፀጉሩ ሸብቷል።

«ስንዱ፣» አለ፣ «ስንት ቤት ነው የገዛነው?»

«አንድ ነዋ!»

«የከፈልነውስ የስንት ቤት ነው?»

ስንዱ ሜዳውን አየችው፤ የማሱት ጉድጓድ በጉድጓድ ሆኗል። «የሦስት ሳይሆን አይቀርም።»

«ተታለልን ማለት ነው?»

«ማን ዋሸህ?»

ቦጋለ አሰበ። አዋልዲጌሳ አልዋሸም። ሙዳይዋ አልዋሸችም። ጋሽ ጉሬዛም አልዋሸ። «ማንም፣» አለ።

«ልጆቻችንን ነብር በላቸው?»

«አልበላቸውም።»

«እንግዲያው አልተታለልንም።»

«ታዲያ ምን ሆነን ነው?»

ስንዱ አጠገቡ ተኛች። «ሳንጠይቅ ገባን፣» አለችው።

ቦጋለ ደስ ይበለው ይክፋው ግራ እንደገባው፣ የራሱ በሆነው ደጅ ላይ እንቅልፍ ወሰደው።

ስለዚህ እናንተ ሆዬ፣ ሸክም ሲሰጧችሁ ቀለለ ብላችሁ አትሳቁ፤ «እስከ የት ነው የምሸከመው?» በሉ። ቀላል ሸክም በረጅም መንገድ ተራራ ይሆናል።

ተረቴን አበደርኳችሁ። ወለድ የለውም፤ እንደወሰዳችሁት መልሱልኝ።