በእንዶድ ውሃ ቃጭል በባለቤቱ እጅ ብቻ የሚታጠብበት ምክንያት

በአንዝራ አገር፣ ከሸንተረሩ በታች፣ እንዶድ ውሃ የምትባል ምንጭ አለች። ዙሪያዋን ድንጋዮች ከበዋታል፤ አንዱ ከአንዱ አይመሳሰልም፣ ግንበኛም አልደረደራቸውም። ክረምቱ ወጥቶ መንገዱ ሲጠነክር የመንደሩ ሰው ሁሉ ቃጭሉን ይዞ ይወርድና ከድንጋዮቹ ባንዱ ላይ ተቀምጦ ያጥባል። የሹሙን ቃጭል ሹሙ ራሱ ነው የሚያጥበው፤ ዓይኑ የጠፋ ሽማግሌ እንኳ ቢሆን መርተው ያደርሱታል እንጂ አያጥቡለትም። እንግዳ ሰው «አምጡ ላግዛችሁ» ካለ ደግሞ እጁን መታ አድርገው ይመልሱታል።

እዚህ ላይ ቃጭሉን ለማያውቅ ሰው ማስረዳት ያስፈልጋል። የአንዝራ ቃጭል ከከብት አንገት የሚንጠለጠለው ዓይነት አይደለም፤ ቀን ማቆሚያ ነው። እህል አውድማ ላይ እያለ ዳመና ከመጣ አንዴ ያቃጭሉታል፤ ዳመናውም ፀሐይዋም ምርቱ እስኪገባ ባሉበት ይቆማሉ። ታዲያ የቆመው ጊዜ የትም አይሄድም፣ በቃጭሉ ሆድ ውስጥ እንደ ጥቀርሻ ይጋገራል። ካልታጠበ በባለቤቱ ቤት ሊጥ አይቦካም፣ ወተት አይረጋም፣ የእርጉዝም ወሯ አይገባም። ጥቀርሻው የሚለቀው በእንዶድ አረፋና በባዶ እጅ ብቻ ነው፤ ሲለቅም ጥቂቱ ወደሚያጥበው ሰው እጅ ይገባል። የአንድ ቃጭል ጥቀርሻ ሰውን የሚያዘገየው ዓይን ተጨፍኖ እስኪገለጥ ያህል ነውና ማንም ልብ አይለውም።

ድሮ ግን፣ አባቶች እንደሚሉት፣ የመንደሩን ቃጭል ሁሉ የምታጥብ ትሁኔ የምትባል ሴት ነበረች፤ ምንጩ አጠገብ ብቻዋን ትኖር ነበር። መጀመሪያ የምታጥበው የራሷን ብቻ ነበር ይባላል። ጎረቤቷ አያ ደምለው ጣቶቿ ሲቀላጠፉ አይቶ «እቴ ትሁኔ፣ እጅሽ ይባረክ፣ የእኔንም ጨምሪልኝ፤ የእኔ ጣት እንደሆነ ከእርፍ በቀር የሚያውቀው የለም» አላት። እሷም እምቢ ማለት አታውቅምና ተቀበለችው። ቀጥሎ ጎረቤቶቹ መጡ፣ ከዚያ ሰፈሩ ሁሉ፣ ከዚያም የማዶው መንደር ጭምር።

ዓመት በመጣ ቁጥር ትሁኔ እየዘገየች ሄደች። መጀመሪያ ሲጠሯት ቶሎ አትዞርም፤ ቆይቶ ጠዋት ሰላም ያላትን ሰው ማታ ሰላም ትላለች፤ በመጨረሻ ዓይኗም ጆሮዋም ከሰው አንድ ሙሉ ቀን ወደ ኋላ ቀሩ። ዛሬ የተነገራት ነገ ይደርሳታል፣ ነገ ስትመልስ ተናጋሪው የለም። ሰው ግን ይህን አልተረዳም፤ ኮራች አለ። ውሃ ቀጂዎቹ «እሷን ከመጠየቅ በሬውን መጠየቅ ይሻላል፣ እሱ ጭራውን እንኳ ይወዘውዛል» እያሉ ይስቁባት ነበር። ሳቁም በማግስቱ፣ ማንም በሌለበት፣ ይደርሳት ነበር።

እንደሚነገረው አንድ ቀን ፈንታው የሚባል ንብ አናቢ ሐሳቧን ሊጠይቅ መጣ። «ትሁኔ፣ ሽማግሌ ብልክ ታሳፍሪኛለሽ?» አላት። እሷ ቃጭሏን እየፈተገች ቀና አላለችም። ደግሞ ጠየቃት። እሷ መፈተጓን ቀጠለች። «በቃ፣ ገባኝ» አለና በሸንተረሩ መንገድ ወጥቶ ሄደ፤ ቀፎዎቹንም ጭኖ ከአገር ወጣ።

በማግስቱ ሌላ መንደር የተዳረችው ታናሽ እህቷ ስንቅነሽ ልትጠይቃት ስትመጣ፣ ትሁኔ ባዶ ሜዳ እያየች ስትሽኮረመም አገኘቻት።

«አላሳፍርህም፣ ላክ። ምነው እስካሁን ቆየህ?» ትላለች።

«ከማን ጋር ነው እምታወሪው?» አለቻት ስንቅነሽ። ውሃ ቀጂዎቹን ስትጠይቅ ፈንታው ትናንት አፍሮ መሄዱን ነገሯት፤ ያን ጊዜ ሁሉም ነገር ገባትና ወደ መንደሩ ወጥታ ጮኸች። «ኮራች ትሏታላችሁ? የእናንተን ጥቀርሻ ስትጠርግ ነው ወደ ኋላ የቀረችው!»

መንደሩ አፈረ። በአንዝራ ደንብ በዳይ ድንጋይ በአንገቱ ተሸክሞ ተበዳይ ፊት ይቆማል፤ «ይቅር ብያለሁ» ሳይባል አያወርድም። በንጋታው ሁሉም ድንጋይ ድንጋዩን ተሸክሞ ትሁኔን ከበባት፤ አያ ደምለውም «እቴ፣ በድለንሻል፣ ይቅር በይን» አለ። እንግዲህ የእሷ መልስ የሚመጣው ነገ መሆኑን ሁሉም ያውቃል።

እኩለ ቀን ላይ አንዱ «ከብቶቼ ጥማድ ላይ ናቸው» ብሎ ድንጋዩን ቆሞበት ከነበረው ቦታ አስቀምጦ ሄደ። ሌላዋ «ልጄ አልጠባም» አለች። አንዱም «ድንጋዬ ይተካኛል፣ እሱ አይደክመው» ብሎ ቀለደና ወረደ። ፀሐይ ስትጠልቅ የቀሩት ስንቅነሽና አያ ደምለው ብቻ ነበሩ፤ እሱም ድንጋዩን አላወረደም።

ጠዋት ትሁኔ ቀና አለች፤ ያየችውም የትናንቱን ሕዝብ ነው። እንባዋ መጣ። ተነሥታ በየድንጋዩ ፊት እየቆመች እያንዳንዱን በስሙ ጠራች። «ተው አውርደው፣ ወገብህ አይጎዳ፤ ይቅር ብያለሁ። አንቺም አውርጂ እንጂ፣ አራስ አይደለሽ እንዴ?» ትላለች ለባዶው ቦታ። ደምለው ዘንድ ስትደርስ «አያ ደምለው» አለችው። «አቤት!» አለ እያለቀሰ። እሷ ግን አልሰማችውም፣ የትናንቱን ደምለው ነበርና የምታየው፤ ወደሚቀጥለው ድንጋይ አለፈች። ሁሉንም ጠርታ ስትጨርስ አቤት ያላት እንደሌለ አየች፤ ነጠላዋን አንሥታ ፈንታው በሄደበት መንገድ ሸንተረሩን ወጣች። እህቷ ተከትላታለች የሚሉ አሉ፤ ብቻዋን ነው የሄደችው የሚሉም አሉ።

ደምለው የመንደሩን ሰው ጠርቶ ሲመለስ ምንጩ ዳር እርጥብ ዱካ ብቻ ነበር። ሁሉም በየድንጋዩ አጠገብ ቆሞ ወደ ሸንተረሩ «አቤት!» አለ። ድምፁ በማግስቱ መንገድ ላይ ደርሷት እንደሆነ፣ ወይም እዚያ ድረስ አልዘልቅ ብሎ እንደሆነ፣ እስከ ዛሬ የሚያውቅ የለም።

ከዚያ ወዲህ በእንዶድ ውሃ ሰው ቃጭሉን ለሌላ ሰጥቶ አያውቅም። አጥቦ ሲጨርስም፣ ማንም ሳይጠራው፣ ወደ ሸንተረሩ ዞሮ «አቤት» ይላል፤ ከዚያም ወዲያው አይሄድም፣ ጥቂት ቆሞ ይጠብቃል።