«ይቅርብኝ» ያለው መምህር

አንድ ጡረታ የወጣ መምህር ነበረ አሉ። ጧት ማታ የሚያነበው የጥንት ግሪኮችን ፍልስፍና ነው። ማወቅ ማለት ምንድን ነው? ሕዝብ መምራት ያለበትስ ማን ነው? እዚያ ውስጥ አንድ ሐሳብ አገኘ፦ የሚያውቅ ሰው ሥልጣን አይሻም፣ ለምነው ነው የሚሾሙት። ወደደው። እንዴት አይወደው? ስለ ራሱ የተጻፈ መሰለው እኮ።

የእድር ዳኛ ምርጫ ደረሰ። መምህሩን ጠቆሙት። ልቡ ዘለለ። ግን ታውቁን የለም? ሲጠቁሙን ወዲያው እሺ አንልም። «ኧረ ይቅርብኝ፣ ለሌላ ስጡልኝ» አለና ልመናውን ጠበቀ። ሰብሳቢው ምን ቢሉ ጥሩ ነው? «ፈቃዳቸውን እናክብር።»

አከበሩለት። ቀጥሎ ጎረቤቱ ስንሻው ተጠቆመ። «የማላውቀው ብዙ ነው፤ ካገዛችሁኝ እሺ» አለ። ተመረጠ።

የመምህሩ አንጀት አረረ። «ይሄ ምን አንብቦ ነው እኔን የሚመራው?» የስንሻው ሳቅ በአጥር በኩል ሲሰማ ያመዋል። አሁንም ያነባል፤ የሚፈልገው ግን እውቀት አይደለም፣ ስንሻውን የሚያሳንስለት ቃል ነው።

አንድ ቀን ስንሻው በሩን አንኳኳ። ሁለት ወንድማማቾች በአባታቸው ቤት ውርስ ተጣልተው ሊካሰሱ ነውና፣ መምህሩ እንዲያስታርቃቸው ሊለምነው ነው የመጣው። ሁለቱንም ያስተማራቸው መምህሩ ነው፣ ከቃሉ አይወጡም። ይህን እያወቀ ሚስቱን «የለም በዪው» አላት። እንዳላት አለችው። ስንሻው «ምነው በነበረ» ብሎ ተመለሰ።

ወንድማማቾቹ ፍርድ ቤት ቆሙ፤ ሰላምታም ቀረ። መምህሩ ወሬውን ሲሰማ ፊቱ በራ። «አላልኩም? ይሄ ሰው መምራት አይችልም።»

ሚስቱ ትክ ብላ አየችው። «ያን ቀን የለም ስለው የዋሸሁ መስሎኝ ከፍቶኝ ነበር። ለካ አልዋሸሁም። እሱ ከተመረጠ ጀምሮ አንተ እዚህ ቤት የለህም።»

ምእመናን፣ እናንተስ አላችሁ? ሲሾም ያመማችሁ ሰው ማን ነው? እኔ ስሙን አላውቅም፤ እናንተ ግን አሁን ትዝ ብሏችኋል። የምታውቁትን ደብቃችሁ እስኪወድቅ ትጠብቁታላችሁ አይደል? ብቻውን የሚወድቅ መስሏችሁ ነው? እነዚያ ወንድማማቾች ምን በደሉ?

ዛሬ ከዚህ ስትወጡ ሂዱና «ምን ላግዝህ?» በሉት። ምላሳችሁ ይተሳሰራል፣ አውቃለሁ። ቅናቱ እያቃጠላችሁም ቢሆን ሂዱ። እስኪበርድላችሁ ድረስ ሰው እየተጎዳ ነው።