የጋሼ ኤሊ ቅርፊት

ተረት ተረት፣ የሁለት ሰው ቤት።

አንዲት ኤሊ ባሏ ሞተና ቅርፊቱ ብቻ ቀረላት። ደጇ ላይ ደፍታ አስቀምጣው በየማለዳው በቅጠል ትወለውለዋለች፤ ሲመሽ ተደግፋው ትተኛለች። አላፊ አግዳሚው የቅርፊቱን ማማር ያደንቃል እንጂ እሷን እንዴት አደርሽ የሚላት አልነበረም።

ጦጣ ብቻ ከዛፍ ላይ ሆና ትቀልድባታለች። «እትዬ ኤሊ፣ ጋሼ ዛሬም አልነቁም?»

«ቀስ በይ፣ ትቀሰቅሺዋለሽ!» ትላታለች ኤሊ።

ድርቅ ገባ። ከብዙ ጊዜ በኋላ ዝናብ ቢጥልም የተሰነጠቀው መሬት ጠብታውን ሁሉ ዋጠው። ጫጩቶቿ በውሃ ጥም የደከሙባት ርግብ እየበረረች መጣች።

«እትዬ፣ ዝናቡ ሳያባራ ቅርፊቱን ይገልብጡልኝ። ውሃ ይያዝልኝ።»

«ከገለበጥኩትማ ባዶ መሆኑ ይታያል» አለች ኤሊ።

ከርግብ ጎጆ የሚሰማው የጫጩቶቹ ድምፅ እየቀጠነ ሄደ። ኤሊ አንገቷን ከቅርፊቱ ሥር አስገብታ፣ ዓይኗን ጨፍና ገለበጠችው።

ባዶ ነበር።

ዝናቡ ሲያባራ ግን ሞልቶ አገኙት። ርግብ ውሃውን በአፏ ለጫጩቶቿ አመላለሰች። ኤሊም ልትጠጣ ጎንበስ ስትል፣ ዕድሜዋን ሙሉ ቀና ብላ ያላየችው ሰማይ ደጇ ድረስ ወርዶ፣ ደመናው በባሏ ቅርፊት ውስጥ ቀስ እያለ ሲያልፍ አየች። መጠጣቱንም ረሳችው።

ጦጣ ከዛፏ ወርዳ ጠጣች። አፏን ጠረገችና ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «እትዬ፣ ለካ ጋሼ ይህን ያህል ሰፊ ነበሩ» አለች።

ተረቴን ተቀበሉኝ፤ ለተጠማም አቀብሉልኝ።