የምንተስኖት ሜሞሪ

በአንድ ወቅት፣ ያውም አያቶች በሚያወሩት ሩቅ ወቅት ሳይሆን ትናንት ሊባል በሚችል ወቅት፣ በድሬዳዋ ከተማ ወይዘሮ ትርንጎ የምትባል እናት ነበረች። «ነበረች» በማለቴ እንዳትታዘቡኝ። ድሬ ላይ አንቱታ ብዙ አይበረክትም፤ እሷም «አንቱ» ያላትን ሰው «ምን በደልኩህ?» ነው የምትለው።

ትርንጎ በጉልበቷ ዘመን ድሬና ጅቡቲን በባቡር ስትመላለስ የኖረች ነጋዴ ናት። አንድ ጊዜ ከሽንኩርት ጆንያ ሥር ደብቃ ለመጨረሻ ልጇ ለምንተስኖት የጌም ማሽን አመጣችለት። ከማሽኑ ጋር አንድ ሲዲ ነበረ። የጨዋታው ስም በሰፈሩ ማንም በማያነበው ፊደል ነው የተጻፈው። ሽፋኑም ሲዲውም ላይ አንድ ሰው የጨው ከረጢት ተሸክሞ ይታያል። ሰውየው ከባሕር የተወሰደ ጨው ወደ ባሕር ሊመልስ ተራራና በረሃ ያቋርጣል፤ ጨዋታው በቃ ይኸው ነው። ምንተስኖት ቋንቋውን ሳያውቅ፣ እየወደቀ እየተነሣ መንገዱን ተማረ። ራት ላይ እናቱ «ዛሬስ የት ደረሰ?» ትለዋለች። እሱም «ባሕሩ ጋ ሲደርስ እጠራሻለሁ» ይላታል።

አልጠራትም። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ወባ በአራት ቀን ወሰደችው።

በለቅሶው ግርግር ሲዲውን አንዱ አንሥቶት ሄደ፤ ባዶ ሽፋኑ ቀረ። ማሽኑ አልጋ ሥር ገባ። ምንተስኖት የደረሰበትን ቦታ የያዘችውን ሜሞሪ ካርድ፣ የክብሪት ቀፎ የምታህለውን፣ ትርንጎ በነጠላዋ ጫፍ ቋጥራ አሥራ አንድ ዓመት ይዛት ዞረች። ለልጇ ማስታወሻ ከገላዋ የተሻለ ቦታ አልታያትም። የድሬ ላብ ብረት እንደሚበላ ግን ማንም አላሰበም።

በአሥራ ሁለተኛው ዓመት መስከረም ላይ ሐኪሙ ቁርጡን ነገራት። ግራ ዓይኗ ጠፍቷል፣ ቀኙም ከጥር አያልፍም። ልጆቿን ጠርታ «ከመጨለሙ በፊት ያንን ባሕር አሳዩኝ» አለቻቸው።

ትልቁ ልጇ አጥናፉ «እማዬ፣ ባሕር ከሆነማ ነገውኑ ጅቡቲ እወስድሻለሁ» አላት።

«የጅቡቲን ባሕር አንተን ከመውለዴ በፊት ጠግቤዋለሁ። እኔ የምልህ የልጄን ባሕር ነው።»

የሰፈሩ ወጣቶች «አሁንማ የድሮ ጌም ሁሉ ኢንተርኔት ላይ አለ» አሉ። እውነታቸውን ነው። ስሙን ማንበብ ያልቻሉትን ነገር ግን ምን ብለው ይፈልጉት? የሽፋኑን ፎቶ አንሥተውም ሞከሩ፣ አልተገኘም። ስለዚህ ነገሩ በሦስት ሰዎች እጅ ወደቀ።

አጥናፉ የከባድ መኪና ሾፌር ነው። የድሬን ታይዋን ገበያ ፈተሸ፣ ቀፊራ ገበያን ፈተሸ፣ ሐረር ሸዋ በር ወጣ፣ ጅግጅጋ ድረስ ሄደ። የጌም ቤት ባለቤቶች ሳቁበት፤ «አቦ፣ ሲዲ የሚባል ነገር እኮ ቀረ! የኳስ ጌም ከሆነ ተቀመጥ» አሉት። ነገሩ ላም አለኝ በሰማይ ሆነበት። ጥቅምት ላይ የደንገጎን ዳገት ሲወጣ ጎማው ፈነዳ። ጎማ እየቀየረ ሳለ ከማሽላ ማሳ ውስጥ አንድ ነገር ብልጭ አለበት። ገበሬው ወፍ እንዲያስደነግጥለት በክር ያንጠለጠለው ሲዲ ነው። ነፋሱ ሲያዞረው የጨው ከረጢት የተሸከመው ሰውዬ ታየ። ያው የምንተስኖት ሲዲ ይሁን ወንድሙ፣ እሱን አላህ ያውቃል። አጥናፉ ከጎማው አጠገብ ተቀምጦ አለቀሰ።

«ስንት ልስጥህ?» አለው ባለማሳውን፣ ሙሜን።

«ብር ወፍ አያባርርም» አለ ሙሜ። «ለአጨዳ አሥራ ሰባት ቀን ቀርቶኛል።»

ሌላ ሲዲ ይሰጠው ነበር ትሉ ይሆናል። ሰጠው። ሙሜ አገላብጦ አየውና «ይኼን አያውቁትም፤ የሚፈሩት ያንን ነው» አለ። ገበሬን በወፍ ጉዳይ አትከራከሩትም። የቸገረው እርጉዝ ያገባል፤ አጥናፉ መኪናዋን ለባልደረባው አስረክቦ፣ በአርባ ሁለት ዓመቱ፣ ከነቦርጩ፣ ወንጭፍ ይዞ ማማ ላይ ወጣ። አሥራ ሰባት ቀን ከወፍ ጋር ተሟገተ። አለቃው ከሥራ አባረረው። የእናቱም ዓይን በእነዚያ አሥራ ሰባት ቀናት እየጠበበ ሄደ፤ ይህችንም ያዙልኝ። በአሥራ ስምንተኛው ቀን ሲዲውን ደረቱ ውስጥ ከትቶ ቤት ገባ።

እኅቱ ፍሬሕይወት ከዚራ ሰፈር ሞባይል ትጠግናለች። የሲዲውን ጭረት በጥርስ ሳሙና እያሸች ሳምንት ፈጀች። ማሽኑ ሲዲ የሚያነብበትን ሌንስ ፍለጋ ከቆራሌው ዘጠኝ የሞቱ ማሽኖች ሰብስባ ስትፈታ ከረመች፤ ከዘጠኙ ሬሳ አንድ ደካማ ሌንስ ወጣ። ማሽኑ ተነሣ። ሜሞሪዋን ከእናቷ ተቀብላ ስትሰካበት ግን «ምንም የለም» አላት። ላቡ ውስጧን በልቶታል። ለመበየድ ሙቀት ያስፈልጋል። ሙቀቱ ትንሽ ከበዛ ደግሞ ምንተስኖት ያስቀመጠው ሁሉ ይጠፋል።

እዚህ ላይ ሌላ ሰው ቢሆን ሽማግሌ ይሰበስብ ነበር። ፍሬሕይወት ማንንም አላማከረችም፣ እናቷንም አላስፈቀደችም። ሱቋን ከውስጥ ቆልፋ ካርዷን በምላጭ ሰንጥቃ ከፈተቻት። ጸጉር የሚያህሉትን ሽቦዎች አንድ በአንድ በየደች። በኋላ ስንጠይቃት «ከተቃጠለ ወንድሜን ሁለተኛ የገደልኩት እኔ ነኝ ብዬ አሰብኩ። ከዚያ ማሰብ አቆምኩ» ነው ያለችው። ካርዷን ዘግታ፣ በፕላስተር ጠቅልላ ለእናቷ መለሰችላት። «ማሽኑ አንዴ ተከፍቶ ከጠፋ ምናልባት ይነሣል፣ ምናልባት አይነሣም። ሌንሱ ሽማግሌ ነው» አለች።

ሦስተኛው ረመዳን ነው፣ የምንተስኖት ጓደኛ፣ ዛሬ ባጃጅ ነጂ። በዚያን ዘመን ከጎኑ የማይጠፋው እሱ ነበር። ምንተስኖት ግን ጆይስቲኩን አንድ ቀን አስነክቶት አያውቅም፤ «አንተ ዝም ብለህ እይ!» ይለው ነበር። ረመዳንም ዓመት ሙሉ አየ። ሰውየው እንዴት እንደሚዘል፣ መቼ እንደሚደክም፣ ከነፋስ እንዴት እንደሚሸሸግ በዓይኑ የሚያውቅ በከተማው አንድ እሱ ቀርቷል። አጥናፉና ፍሬሕይወት ጆይስቲክ በየት በኩል እንደሚያዝም አያውቁም።

ታኅሣሥ ላይ፣ አንድ እሑድ ጠዋት ሁለት ሰዓት ሲሆን ማሽኑ ተከፈተ። እኔም እዚያው ነበርኩ፣ በሩ ላይ ቆሜ። ትርንጎ አፍንጫዋ ቴሌቪዥኑን ሊነካ እስኪደርስ ተጠግታ ተቀምጣለች። ስክሪኑ ጠቆረ፣ ቆየ፣ ከዚያ በራ። አንድ የውኃ ጉድጓድ ታየ። ሰውየው ጭነቱን ከጎኑ አውርዶ፣ እግሩን ዘርግቶ ተቀምጧል። ደረቱ ከፍ ዝቅ ይላል፤ ይተነፍሳል። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ፣ ምንተስኖት ባስቀመጠው ቦታ፣ ባስቀመጠው አኳኋን ሲጠብቅ ኖሯል። ክፍሉ ውስጥ ሃያ ሰው ነበርን። እኔ በዕድሜዬ ብዙ ተአምር ሲወራ ሰምቻለሁ፤ በዓይኔ ያየሁት ግን ያን ብቻ ነው።

«እዚህ ነው የተወው?» አለች ትርንጎ።

«እዚህ ነው እማማ» አላት ረመዳን፣ ጆይስቲኩንም አነሣ።

ችግሩ ምን መሰላችሁ፤ ጨዋታው አንድ ቦታ ብቻ ነው የሚይዘው። አዲስ ሴቭ ከተደረገ፣ ማለትም የደረሱበት ከተመዘገበ፣ የምንተስኖቱ ይጠፋል፤ ስለዚህ መብራት ሳይጠፋ በአንድ ቀን ሳይቋረጥ ማለቅ አለበት። ጀነሬተርስ የሚል ብልጥ መቼም አይጠፋም፤ ፍሬሕይወት የጀነሬተር መብራት ሌንሱን ይጨርሰዋል ብላለች። ስለዚህ ሰፈሩ በሙሉ ፍሪጁንና ካውያውን ነቅሎ ለትርንጎ ቤት መብራት ለቀቀ። ማንም አላዘዘም። ሥጋ የተበላሸበትም አለ፤ ያጉረመረመ ግን አልሰማሁም።

ረመዳን ውኃ እንኳ ሳይቀምስ ተጫወተ። ከጉድጓዱ በኋላ ያለውን መንገድ እሱም አያውቀውም። እየወደቀ፣ እየተነሣ፣ እየተሳሳተ ሄደ። ዘጠኝ ሰዓት ላይ መብራቱ ተርገበገበ። ቴሌቪዥኑ ጠበበ፣ ተመለሰ፣ እንደገና ጠበበ። በዚያው ቅጽበት ሰውየው ሴቭ የሚደረግበት የማረፊያ ድንጋይ አጠገብ ደርሷል።

«ሴቭ አድርግ!» ብሎ ጮኸ አጥናፉ። «ሴቭ አድርገው እንጂ!» አለች ፍሬሕይወት። ትርንጎም በቀስታ «ልጄ፣ ግድ የለም፣ አድርገው» አለችው።

ረመዳን ዓይኑን ከስክሪኑ ሳይነቅል «እማማ፣ ጉድጓዱ ጋ የተቀመጠው ምንተስኖት ነው። እኔ በእሱ ላይ አልቀመጥም» አለና ድንጋዩን አልፎ ሄደ።

ጀግንነት ነው ትላላችሁ? ሊሆን ይችላል። ግን ያስያዘው የራሱን ዓይን አይደለም። መብራቱ ያኔ ቢጠፋ የሰባት ሰዓት መንገድ ከንቱ ነበር፣ ማሽኑም ላይነሣ፣ ትርንጎም ሳታይ ልትቀር ትችል ነበር። የሜሞሪዋ ባለቤት «አድርገው» እያለችው እምቢ ያለ ሰው ነው። የፈሩት ይደርሳል ይባላል፤ የዚያን ቀን ግን አልደረሰም። መብራቱ ተርገብግቦ፣ ተርገብግቦ ጸና።

አሥራ አንድ ሰዓት ገደማ አሸዋ መጣ። ከአሸዋው ጀርባ ድምፅ ተሰማ፣ ቀጥሎ ስክሪኑ ከዳር እስከ ዳር ውኃ ሆነ። ሰውየው ጉልበቱ ድረስ ገባ፣ ከረጢቱን ፈታ፣ ጨውን አፈሰሰው። የፈሰሰበት ነጣ፣ ንጣቱ እየሰፋ፣ እየሰፋ ሄዶ ባሕሩን ሁሉ ያዘው፤ ከዚያ ማዕበሉ ጸጥ አለ። ትርንጎ መዳፏን መስተዋቱ ላይ አሳረፈች። በጣቶቿ መካከል ብርሃኑ ይታያል።

«ደረሰልህ» አለች። ለረመዳን አልነበረም።

ወንዱም ሴቱም አለቀሰ። የጅቡቲን ባሕር መቶ ጊዜ ያዩ ሴቶች ባሕር አይተው የማያውቁ መሰሉ። ሰውየው በዳርቻው ሲርቅ ከማሽኑ ውስጥ ቀጭን ድምፅ ወጣ፤ ሌንሱ አበቃ። ማሽኑ ከዚያ ወዲህ አልተነሣም። ሜሞሪዋ ግን ምንተስኖትን እንደያዘች አለች።

በሳምንቱ ትርንጎ ሦስቱን ጠራቻቸው። «ሜሞሪዋን ከነምርቃቴ ለአንዳችሁ እሰጣለሁ። ለሦስት አትሰነጠቅም፣ ምርቃቴም ለአንድ ናት» አለች።

«ሲዲው ባይገኝ ምን ይታይ ነበር?» አለ አጥናፉ።

«ያለ እኔ ሲዲው የወፍ ማባረሪያ፣ ሜሞሪዋም ፕላስቲክ ናት» አለች ፍሬሕይወት።

«እኔ ሴቭ ባደርግ ኖሮ» አለ ረመዳን «ዛሬ የምንሻማበት ነገር አይኖርም ነበር።»

ሽማግሌ ተቀመጠ። አንዱ ሽማግሌ «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» ብሎ ተረተ። ሌላው «እሱስ ልክ ነው፤ አንበሳውን ማን ይውሰድ ነው የተጠየቅነው» አለው። አንዱ ሥራውን ያጣው አጥናፉ ነው ሲል፣ ሌላው የታመመች እናት ጥሎ ወፍ ሲጠብቅ ከረመ ይላል። አንዱ የሞተውን ያስነሣችው ፍሬሕይወት ናት ሲል፣ ሌላው የእናቷን ንብረት ሳታስፈቅድ በምላጭ ከፈተች ይላል። ረመዳንን ያመሰገነው በአፍታ ውስጥ ይወቅሰዋል፣ ደግሞም የሥጋ ዘመድ አይደለም የሚል አለ። የሥጋ ዘመዶቹ ግን ሴቭ አድርግ ብለው ጮኸው ነበር። ሽማግሌዎቹ ሦስት እሑድ ተቀምጠው ተነሡ፤ ነገሩ እንደነበረ ቀረ።

ጥር ገባ፣ የትርንጎም ቀኝ ዓይን ጨለመ። አንድ ከሰዓት በኋላ ሦስቱን ከፊቷ አስቁማ ካርዷን መዳፏ ላይ አደረገች፣ እጇንም ዘረጋች።

«ፊታችሁን አላይም፣ ስማችሁንም እንዳትነግሩኝ» አለች። «የሚገባው ያንሣት።»

ሦስት እጆች ተዘረጉ። ሦስቱም መንገድ ላይ ቆሙ። የእናትየው እጅ እንደተዘረጋ ነው።

እንግዲህ እናንተ በዚያ ክፍል ውስጥ ብትሆኑ፣ የማንኛቸውን እጅ ይዛችሁ መዳፏ ላይ ታሳርፉ ነበር?